ከጭብጨባው በስተጀርባ ያለችው ልጅ

በዚህ ዓምድ ስለ ልጆች አስተዳደግ ስንነጋገር ብዙውን ጊዜ የምናነሣው ልጁ ያጠፋበትን ቀን ነው። ዛሬ ግን ልጁ ስለ ተመሰገነበት ቀን እንነጋገር። ልጅ ሲያጠፋ ዐይናችን ከእርሱ አይለይም፤ እንቈጣለን፥ እንመክራለን፥ ወዴት እንደ ሄደና ከማን ጋር እንደ ዋለ እንጠይቃለን። ልጅ ሲመሰገን ግን ጥበቃችን ይላላል። ሰው ሁሉ ሲያጨበጭብለት እኛም አብረን እናጨበጭባለን፤ በጭብጨባ የተያዘ እጅም ልጁን ይዞ መምራቱን ይረሳል። ይህን ነገር በግልጽ ከሚያስረዱን ታሪኮች አንዱ የቤላሩሷ የጂምናስቲክ ስፖርተኛ የኦልጋ ኮርቡት ሕይወት ነው። በታሪኩ ውስጥ የምንጠቅሳቸው ዓመታት እንደ አውሮጳ አቈጣጠር መሆናቸውን አንባቢ ይገንዘብልን።

ኦልጋ በ1955 ዓ.ም. በቤላሩስ ምዕራባዊ ክፍል፥ በፖላንድ ወሰን አጠገብ በምትገኘው በግሮድኖ ከተማ ተወለደች። ቤላሩስ በዚያን ጊዜ ከሶቪየት ኅብረት ሪፑብሊኮች አንዷ ነበረች። አባቷ መሐንዲስ፥ እናቷ ምግብ አብሳይ ሲሆኑ፥ እርሷ ከአራት ሴቶች ልጆቻቸው የመጨረሻዋ ነበረች። በ8 ዓመቷ ጂምናስቲክ ጀመረች፤ ጥቂት ቈይታም ሬናልድ ክኒሽ የተባለ አሠልጣኝ ወደሚመራው የስፖርት ትምህርት ቤት ገባች። በዚያም በመጀመሪያ ያስተማረቻት በ1964 በቶኪዮ ኦሎምፒክ ከቡድኗ ጋር ወርቅ ያገኘችው ዬሌና ቮልቼትስካያ ነበረች፤ በኋላ ግን ክኒሽ ራሱ ተረከባት።

የሴቶች ጂምናስቲክ አራት ዐይነት ውድድር አለው። አንደኛው ከእመር ተንደርድሮ በመዝለያው ላይ መዝለል፥ ሁለተኛው አንዱ ከፍ አንዱ ዝቅ ብለው በተተከሉ ሁለት አግዳሚ ዘንጎች ላይ መወዛወዝ፥ ሦስተኛው በጠባብ አግዳሚ ላይ ሚዛንን ጠብቆ መንቀሳቀስ፥ አራተኛውም በሙዚቃ ታጅቦ በምንጣፍ ላይ የሚደረግ ትርኢት ነው። ጠባቡ አግዳሚ ርዝመቱ 5 ሜትር፥ ስፋቱ 10 ሳንቲ ሜትር ብቻ ነው፤ ከአንድ ሰው መዳፍ ብዙም አይሰፋም። ከመሬት ከአንድ ሜትር በላይ ከፍ ብሎ በተተከለው በዚህ አግዳሚ ላይ ኦልጋ ገና በ14 ዓመቷ፥ በ1969፥ ወደ ኋላ በአየር ተገልብጣ በእግሯ መቆም ቻለች። በውድድር ላይ ይህን ያደረገ ከእርሷ በፊት አልነበረም። ከዚህም በቀር በከፍተኛው ዘንግ ላይ ቆማ ወደ ኋላ በመገልበጥ ያንኑ ዘንግ መልሳ የምትይዝበትን አዲስ እንቅስቃሴ አሳየች፤ እስከ ዛሬም በስሟ ይጠራል።

የዓለም ሕዝብ ያወቃት በሙኒክ ኦሎምፒክ በ1972 ነው። ያን ጊዜ ዕድሜዋ 17፥ ቁመቷ አንድ ሜትር ተኩል ያህል፥ ጠጕሯም በሁለት በኩል የታሰረ ነበረ። በመጀመሪያ ቡድኗ የወርቅ ሜዳልያ አገኘ፤ ተመልካቹም ይህችን ትንሽ ልጅ ገና ከመጀመሪያው ቀን ወደዳት። ኦገስት 30 ቀን፥ በእኛ አቈጣጠር ነሐሴ 24 ቀን 1964 ዓ.ም.፥ የአጠቃላዩ አሸናፊ የሚለይበት ውድድር ተደረገ። ኦልጋም ከአሸናፊዎቹ አንዷ ትሆናለች ተብሎ ሲጠበቅ፥ በሁለቱ ዘንጎች ላይ ገና ስትጀምር እግሯ ተሰናከለ፤ ከዚያም ስሕተት በስሕተት ላይ ተደራረበባት። ዳኞቹ ከ10 ነጥብ 7.5 ሰጧት። ወደ መቀመጫዋም ሄዳ እንደ ማናቸውም ልጅ አለቀሰች። በውድድሩ የአገሯ ልጅ ሉድሚላ ቱሪሽቼቫ አንደኛ ስትሆን እርሷ ሰባተኛ ወጣች።

በአገራችን የወደቀ ግንድ ምሳር ይበዛበታል ይባላል። በዚያች ዕለት ግን ነገሩ ተገላቢጦሽ ሆነ። የቴሌቪዥን ካሜራዎች የምታለቅሰውን ልጅ ፊት ተከትለው ለዓለም አሳዩ፤ ከሶቪየት ኅብረት የሚመጣ ስፖርተኛ ስሜት የሌለው መኪና ይመስለው የነበረ ሰው ሁሉ ልቡ ተነካ። በማግሥቱ በየመሣሪያው በተደረገው ውድድር ኦልጋ እንደ ገና ተነሣች። በጠባቡ አግዳሚና በምንጣፉ ላይ ወርቅ፥ ትናንት በወደቀችባቸው በሁለቱ ዘንጎች ላይም ብር አገኘች። በዘንጎቹ ላይ 9.8 በተሰጣት ጊዜ ተመልካቹ አነሰ ብሎ ዳኞቹን ለረጅም ጊዜ በፉጨት ተቃወመ። ከዚያች ሳምንት ወዲያ ኦልጋ የግሮድኖ ልጅ ብቻ መሆኗ ቀረ። በ1973 ከቡድኗ ጋር ወደ አሜሪካ ሄዳ በዋይት ሀውስ ከፕሬዚደንት ኒክሰን ጋር ተገናኘች፤ በየአገሩም እንደ እርሷ ለመሆን ወደ ጂምናስቲክ ትምህርት ቤት የሚጐርፉት ሴቶች ልጆች በዙ።

እዚህ ላይ ጥቂት ቆም ብለን እናስብ። በእነዚያው የሙኒክ ጨዋታዎች የኛው ማሞ ወልዴ በማራቶን የነሐስ ሜዳልያ ሲያገኝ የ40 ዓመት ጐልማሳ ነበረ፤ ያም የዕድሜው ብስለት እንደ ክብሩ ተቈጠረለት። በሴቶች ጂምናስቲክም ቢሆን ከኦልጋ በፊት የነበሩት ስመ ጥር አሸናፊዎች የበሰሉ ሴቶች ነበሩ። ላሪሳ ላቲኒና በቶኪዮ ስትወዳደር የ29 ዓመት ሴትና የልጅ እናት ነበረች፤ የቼኮስሎቫኪያዋ ቬራ ቻስላቭስካ በሜክሲኮ በ1968 ስታሸንፍ 26 ዓመቷ ነበረ። ከሙኒክ በኋላ ግን ዳኛውም አሠልጣኙም ተመልካቹም ትንሽና ቀላል ሰውነት ያላትን ልጅ መፈለግ ጀመሩ። በ1976 በሞንትሪያል ኦሎምፒክ የሩማንያዋ ናድያ ኮማኔቺ ገና በ14 ዓመቷ ዓለምን አስደነቀች። ኦልጋ በቡድን ወርቅ፥ በጠባቡ አግዳሚም ከናድያ ቀጥላ ብር ብታገኝም፥ በአጠቃላዩ ውድድር አምስተኛ ሆነች፤ ገና በ21 ዓመቷም ዘመኗ እንዳለፈ ሰው ታየች። በሚቀጥለው ዓመት ከውድድር ተሰናበተች።

ነገሩ ከልክ እንዳለፈ የስፖርቱ አስተዳዳሪዎች ራሳቸው ኋላ ተረዱት። 14 ዓመት የነበረው ዝቅተኛው የመወዳደሪያ ዕድሜ በ1981 ወደ 15፥ በ1997 ደግሞ ወደ 16 ከፍ እንዲል ተደረገ። በዘንጉ ላይ ቆሞ መገልበጥንም የዛሬው ደንብ አይፈቅድም። ሕግ አውጪዎቹ እስኪነቁ ድረስ ግን ብዙ ልጆች በዚያው መንገድ አልፈዋል።

ኦልጋ ከስፖርት ከወጣች በኋላ በ1978 በአገሯ እጅግ የታወቀውን ዘፋኝ ሌዮኒድ ቦርትኬቪችን አግብታ ወንድ ልጅ ወለደች፤ በሚንስክም ኖረች። በ1986 ከቤላሩስ ወሰን አጠገብ ያለው የቼርኖቢል የአቶሚክ ኃይል ጣቢያ በፈነዳ ጊዜ ከመርዘኛው ብናኝ አብዛኛው በቤላሩስ ምድር ላይ ወረደ። እናት ለሆነ ሰው ይህ ምን ያህል እንደሚያስጨንቅ ለእናንተ መንገር አያሻም። በ1991 ከቤተሰቧ ጋር ወደ አሜሪካ ተሻገረች፤ በዚያም ልጆችን ጂምናስቲክ እያስተማረች፥ በአደጋው ለተጐዱት ወገኖቿም ርዳታ እንዲደረግ እየተናገረች ኖረች። ቀደም ብሎም በ1988 በዓለም አቀፉ የጂምናስቲክ ዝነኞች መታሰቢያ በመጀመሪያ ስሟ የተመዘገበ ስፖርተኛ እርሷ ነበረች። ትዳሯ ግን በ2000 ፈረሰ። በ2017 ከኦሎምፒክ ሜዳልያዎቿ አንዳንዶቹንና ሌሎች የመታሰቢያ ዕቃዎቿን በጨረታ ሸጠች፤ ሽያጩም በጠቅላላው ከ330 ሺህ ዶላር በላይ አወጣ። ዓለም በሙሉ በጭብጨባ የሰጣት ወርቅ በመጨረሻው ዋጋ ተተምኖለት ወደ ሌላ ሰው ቤት ሄደ።

ሜዳልያው ከተሸጠ በኋላ ከእርሷ ጋር የቀረው ምንድር ነው? ከሁሉ ይልቅ የሚያሳዝነው ይህ ነው። ኦልጋ ከስፖርት ከተለየች ከብዙ ዓመታት በኋላ፥ በ1990ዎቹ መጨረሻ፥ ኋላም በ2018 እንደ ገና፥ በወጣትነቷ ዘመን አሠልጣኟ ክኒሽ በሴትነቷ ላይ በደል እንደ ፈጸመባት በአደባባይ ተናገረች። እርሱ ክሱን አስተባብሎ በ2019 ሞተ። እኛ በሁለቱ መካከል ፈራጅ ሆነን ለመናገር ሥልጣኑም ማስረጃውም የለንም። ነገር ግን አንድ ነገር ሳንፈርድም ልናስተውለው እንችላለን። ይህች ልጅ በሙኒክ ስታለቅስ የዓለም ሕዝብ አይቷታል፤ ከዳኞች ጋር ተጣልቶላታል፤ በፍቅሩም ሀብታም አድርጓታል። ይህን ክስ ግን ለመናገር ከሃያ ዓመት በላይ ፈጀባት። ዓለም እንባዋን አየ እንጂ፥ ውድድር በሌለበት ቀን እንዴት እንደምትውል የጠየቀ ስንት ሰው ነበረ?

እናንተ ወላጆች ሆይ፤ ልጆቻችን ጂምናስቲክ ባይሠሩም ይህ ነገር ከቤታችን ሩቅ አይደለም። አንዱን ለእግር ኳስ አሠልጣኝ፥ ሌላዋን ለሙዚቃ አስተማሪ፥ ሌላውን ለእጅ ሥራ ባለሙያ አደራ እንሰጣለን፤ መስጠታችንም መልካም ነው። ልጅ ያለ መምህር ሰው አይሆንም፤ አብዛኞቹ መምህራንም ለልጆቻችን ሁለተኛ ወላጆች ናቸው። ነገር ግን አደራ መስጠት አደራውን መርሳት አይደለም። ከብቱን ለእረኛ የሰጠ ገበሬ እንኳ ማታ ማታ በረቱ ደጃፍ ቆሞ ይቈጥራል።

ስለዚህ መምህሩ ምንም ዝነኛ ቢሆን ትምህርቱ በሚሰጥበት ስፍራ ሳትጠሩ ብቅ በሉ፤ ቅን መምህር በዚህ አይከፋም። ከዘጋ በር በስተኋላ ልጅና አስተማሪ ብቻቸውን የሚውሉበትን፥ ለብቻቸውም ርቀው የሚጓዙበትን ልማድ አትቀበሉ። ልጃችሁ ከልምምድ ሲመለስ በመጀመሪያ «አሸነፍህ ወይ?» ብላችሁ አትጠይቁት፤ «እንዴት ዋልህ? ማን ምን አለህ?» በሉት። አሸናፊነቱን ብቻ የምትጠይቁት እንደ ሆነ፥ ሽንፈቱንና ሕመሙን ከእናንተ መደበቅ ይለምዳል። ይወደው የነበረውን ትምህርት በድንገት የጠላ፥ የአስተማሪው ስም ሲነሣ ዝም የሚል፥ እንቅልፉ የተረበሸ ልጅ ስንፍና ጀመረው ብላችሁ ለመቈጣት አትቸኵሉ፤ ቀስ ብላችሁ ጠይቁት።

ልጃችሁ በደል ደረሰብኝ ብሎ ቢነግራችሁም፥ ልጅ ያቦካው ለእራት አይበቃም በምንለው ተረት አፉን አትዝጉት። ይህ ተረት ለልጅ ሥራ ተነግሮ ይሆናል፤ ለልጅ ሕመም ግን አይሠራም። ይሉኝታም አይያዛችሁ። ሰው ምን ይለናል፥ የመምህሩ ስም ይጠፋል፥ የልጃችን ዕድል ይበላሻል ብሎ ነገሩን ማዳፈን፥ ሸክሙን በሙሉ በትንሽ ጫንቃ ላይ መጫን ነው። በመጀመሪያ ልጁን አረጋጉት፥ መናገሩም መልካም እንደ ሆነ ንገሩት፤ ከዚያም ነገሩን ለሚመለከተው የሕግ አካል አስታውቁ።

ኦልጋ ኮርቡት በ10 ሳንቲ ሜትር አግዳሚ ላይ ሚዛኗን ጠብቃ መቆሟ ዛሬም ያስደንቃል፤ ያንን ያደረገችው በብርታቷ ነው፥ ማንም አይወስድባትም። ነገር ግን አግዳሚው በተተከለበት አዳራሽ ዳኞች፥ ካሜራዎችና ሺህ ዐይኖች ነበሩ። ልጅ ከሁሉ ይልቅ የሚጠብቀው ሰው የሚያስፈልገው ማንም በማያይበት ስፍራ ነው። ለልጃችሁ የሚያጨበጭብ ሰው በአደባባዩ አይጠፋም፤ ከጭብጨባው በኋላ በር ላይ ቆሞ የሚጠብቀው ግን ከእናንተ በቀር ማን አለው?