የቆጮው ነገር

ባለፈው ዓመት የመስቀል ሰሞን አንድ ግጥም ጻፍሁ። ርእሱ «ጣባ» ይባላል፤ ክትፎ የሚቀርብበትን የሸክላ ዕቃ ማለቴ ነው። በከተማችን በቡታጅራ ጥቂት የሥነ ጽሑፍ ወዳጆች ተሰባስበን ሥራዎቻችንን በምንነባበብበት ምሽት አቀረብሁት፤ ሞቅ ያለ ጭብጨባም አገኘሁበት። የቅቤው ወዝ፣ የሚጥሚጣው ቁጣ፣ የኮሰረቱ መዓዛ፣ የቀንድ ማንኪያው ልስላሴ … ምን የቀረ ነገር አለ? እንዲያውም አንድ ወዳጄ «ኧረ በረሃብ ልታስጨርሰን ነው፤ በቃህ!» ብሎ አሳቀን። ቀኑን ሙሉ የሰው ብር ሲቆጥር ለሚውል ገጣሚ ከዚህ የበለጠ ክብር ከየት ይመጣል?

በማግስቱ ለበዓሉ ወደ እናቴ ዘንድ ወጣሁ። መንደራችን በዘቢዳር ተራራ ግርጌ ናት። እናቴ ፊደል አልቆጠረችም፤ ነገር ግን የተዛነፈ ቃል ከጆሮዋ አያመልጥም። ከምድጃው አጠገብ ተቀምጣ ሳለ፣ ያልገባትን ቃል በቤታችን ቋንቋ እየመለስሁላት ግጥሙን አነበብሁላት። እስከ መጨረሻው በጽሞና አዳመጠችኝና፣

«ሥጋውን ብቻውን ነው እንዴ የበላችሁት?» አለችኝ።

«እንዴት እማዬ?»

«ቆጮውስ የት ገባ? እንሰቱን ማን ፋቀው?»

እኔ ሳቅሁ። እርሷ አልሳቀችም።

ይህች አጭር ጥያቄ ዓመት ሙሉ ስትከነክነኝ ከርማለች። ዛሬ ይዣት የቀረብሁትም እናንተንም ትከነክናችሁ ዘንድ ነው። እኛ ስለ ምግብ የምንጽፍ ሰዎች፣ በተለይም ስለ አገር ቤት ምግብ በናፍቆት የምንጽፍ፣ ድግሱን እንጂ ጓሮውን አናይም ባይ ነኝ። ገበታው ከተዘረጋ በኋላ ደርሰን፣ ገበታው ሳይነሣ ግጥማችንን ጨርሰን እንሄዳለን።

የጉራጌን ምግብ በአዲስ አበባ ክትፎ ቤት ብቻ የሚያውቅ አንባቢ ይኖራልና ነገሩን ከሥሩ ልጀምረው። ክትፎ ብቻውን የቆመ ምግብ አይደለም። ከቤቱ በስተጀርባ እንሰት አለ። እንሰቱ ያለ ከብት ፍግ አይለማም፤ ላሚቱም ሣሩ በሚደርቅበት ወራት የእንሰቱን ቅጠል ትመኛለች። ላሚቱ ፍጓን ለእንሰቱ፣ ወተቷን ለቅቤውና ለአይቡ ትሰጣለች። እንሰቱ ደግሞ ቆጮውን ለሰው፣ ቅጠሉን ለላሚቱ፣ ቃጫውን ለገመዱ ይሰጣል። ሥጋው፣ አይቡ፣ ጎመኑና ቆጮው ጎን ለጎን ሲቀርቡ የምናየው ይህንኑ ጓሮ ነው፤ ተከትፎ፣ ተነጥሮ፣ ተጋግሮ። ከእነዚህ አንዱን ነጥሎ «የጉራጌ ባህላዊ ምግብ» ማለት ከረጅም ግጥም አንድ ስንኝ ቆርጦ እንደ ማንበብ ይቆጠራል።

ደግሞም ክትፎ የዘወትር ምግብ ሆኖ አያውቅም። እኔ ባደግሁበት ቤት ክትፎ ማለት መስቀል ነው። ወንዶቹ ለበሬው መግዣ ዓመቱን ሙሉ በማኅበር ገንዘብ ያጠራቅማሉ፤ ሴቶቹ የቅቤ ዕቁብ ይጥላሉ። ከእርዱ በፊት የጎመን ክትፎ የሚበላበት ቀን አለ፤ ስለ እርሱ ግን ግጥም የጻፈ አላጋጠመኝም፤ እኔንም ጨምሮ። እስላም ጎረቤቶቻችን በአረፋ፣ እኛ በመስቀል፣ ከየከተማው የተበተነው ልጅ ሁሉ ወደየመንደሩ ይጎርፋል። በዓሉ ያልፋል፤ ልጁም ይመለሳል። የቀረው ወራት የቆጮ ነው።

እንሰት ሙዝን ይመስላል እንጂ ሙዝ አይሰጥም፤ የሚበላው ግንዱና ሥሩ ነው። በዱር የበቀለው እንሰት በሌሎችም የአፍሪካ አገሮች ይገኛል፤ አልምቶ ምግብ ያደረገው ግን የኢትዮጵያ ገበሬ ብቻ ነው። ዛሬ ወደ 20 ሚሊዮን የሚጠጋ ሕዝብ ኑሮው በእርሱ ላይ እንደተመሠረተ ይገመታል። እንደ ዝርያውና እንደ ቦታው ከፍታ ለመድረስ ከ4 እስከ 7 ዓመት ይፈጅበታል፤ በዚህ መካከልም እየተነቀለ ከቦታ ቦታ ይዛወራል። መትከሉና ማዛወሩ የወንድ ሥራ ነው። ከዚያ በኋላ ያለው ሁሉ የሴት።

እናቴ ዘንበል ተደርጎ በቆመ ሳንቃ ፊት መሬት ላይ ትቀመጣለች። ከግንዱ የተላጠውን ረጅም ንብርብር በአንድ እግሯ ከሳንቃው ጋር አጣብቃ ትይዛለች፤ በሁለት እጇ በጨበጠችው የቀርከሃ መፋቂያ ከላይ ወደ ታች ትፍቃለች። ነጩ ሥጋ ወደ ታች ይወርዳል፤ ቃጫው ይቀራል። ሥሩ ጥርስ ባለው እንጨት ይደቃል። የተፋቀውና የተደቃው ተቀላቅሎ ኮባ በተነጠፈበት ጉድጓድ ይቀበራል፤ ይታፈናል፤ ድንጋይ ይጫነዋል። በዚያም ለሳምንታት፣ ለወራት፣ ሲያሻም ለዓመታት ይቦካል። ተጨምቆ ከወጣው ውሃ ሥር የሚዘቅጠው ነጭ ነገር ቡላ ነው፤ የአራስ ገንፎ ከእርሱ ይሠራል። ለጉድጓዱ የሚበቃ ጊዜ በማይኖርበት ዕለት ደግሞ ሥሩ ተቀቅሎ አሚቾ ይሆናል። ቆጮው ወደ ምጣድ ከመሄዱ በፊት ውሃው እስኪንጠፈጠፍ በቃጫ ይጨመቃል፤ ጭረቱ እስኪጠፋ በቢላዋ ይከተፋል፤ በኮባ ተጠቅልሎ ይጋገራል። ልብ በሉ፤ ቆጮውም ይከተፋል! ስሙን ግን ሥጋው ወሰደው።

በቅርቡ ስለ ፈረንሳይ የገጠር ምግብ ሳነብ ይኸው ጉድጓድ ትዝ አለኝ። በደቡብ ፈረንሳይ ካሱሌ የሚሉት ምግብ አላቸው፤ ነጭ ቦሎቄ ከሥጋ ጋር በሸክላ ድስት ለረጅም ሰዓት የሚበስልበት። ስሙን ያገኘው ከሸክላው ነው፤ ካሶል ይሉታል። (የእኔን «ጣባ» አስቡልኝ።) ካስተልኖዳሪ፣ ካርካሶንና ቱሉዝ የተባሉት ሦስት ከተሞች «እውነተኛው የእኛ ነው» እየተባባሉ እስከ ዛሬ ይከራከሩበታል። ደራሲው አናቶል ፍራንስ እ.ኤ.አ. በ1903 ባሳተመው ልብ ወለድ ውስጥ፣ በፓሪስ በአንዲት ሴት ምግብ ቤት 20 ዓመት ሙሉ ሲበስል ስለኖረ ካሱሌ ያወሳል፤ ድስቱ ውስጥ ሌላ ይጨመርበታል እንጂ ያው የጥንቱ ካሱሌ ነው። ፈረንሳዊ አንባቢ ይህን እንደ ቀልድ ሳያየው አይቀርም። ለእናቴ ብነግራት ግን የምትደነቅ አይመስለኝም፤ ዓመት ያለፈው ቆጮ በጓሮዋ አለና።

ፈረንሳዮቹን የማደንቀው ስለ ምግባቸው አብዝተው በመጻፋቸው ብቻ አይደለም፤ በዚህስ ማን ይስተካከላቸዋል? ኩርኖንስኪ የሚል የብዕር ስም የነበረው ጸሐፊ ከማርሴል ሩፍ ጋር ሆኖ ከ1921 ጀምሮ እ.ኤ.አ. እስከ 1928 ድረስ የየክፍለ አገሩን ምግብ በ28 ቅጾች አሳትሟል። የምቀናባቸው ግን በሌላ ነገር ነው። እ.ኤ.አ. በ1925 ለሮክፎር አይብ ሕግ ሲያወጡ ጣዕሙን ብቻ አልጠበቁም፤ በጉንና ዋሻውንም ጠበቁ። ዛሬም በዚያ ስም የሚሸጥ አይብ ወተቱ ከላኮን ዝርያ በጎች የታለበ፣ በሮክፎር መንደር ዋሻዎችም የበሰለ መሆን አለበት። ጓሮው ከስሙ አልተለየም ማለት ነው። ሴቲቱም እንዲሁ፤ ከቡርግ አን ብረስ አቅራቢያ ከገጠር የወጣችው ኤውጄኒ ብራዚዬ እ.ኤ.አ. በ1933 ለሁለቱም ምግብ ቤቶቿ ከሚሽላን መጽሐፍ ሦስት ሦስት ኮከብ ተሰጥቷታል፤ ስሟም በደጃፏ ተጽፎ ነበር። እኔ ባየኋቸው የክትፎ ቤቶች ማስታወቂያ ላይ ያለው ስም ግን አብዛኛው የወንድ ነው።

ለፍርድ እንዳልቸኩል፣ በእኛም ዘንድ ጓሮውን ያዩ አልጠፉም። አሜሪካዊው የሰው ልጅ ባህል ተመራማሪ ዊልያም ሻክ እ.ኤ.አ. በ1966 ስለ ጉራጌ ባሳተመው መጽሐፍ ርእስ ላይ እኛን የጠራን «የእንሰት ባህል ሕዝብ» ብሎ ነው፤ የክትፎ አላለም። የጌዴኦ መልክዓ ምድር እ.ኤ.አ. በ2023 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ ሆኖ ሲመዘገብም ከቡናው ጋር እንሰቱ ተጠቅሷል። ከሁሉም በላይ ደራሲያችን ሳህለሥላሴ ብርሃነማርያም አለ፤ የሺነጋን መንደር ታሪክ በቸሃ ጉራጊኛ የጻፈው፣ እ.ኤ.አ. በ1964 በቮልፍ ሌስላው ተርጓሚነት በእንግሊዝኛ የታተመለት። እኚሁ ሰው ናቸው በኋላ የቪክቶር ሁጎን «ሌ ሚዜራብል» ወደ አማርኛ የመለሱት (አንቱ ማለት እንዳለብኝ አሁን ትዝ አለኝ፤ ደራሲን በመጽሐፉ ሲያውቁት አንተ ማለት ይቀናል)። ከእንሰት አገር የተገኙ ሰው፣ አንድ ዳቦ በመስረቁ ስለታሰረው ምስኪን የፈረንሳይ ታሪክ ሲተረጉሙ ምን ይሰማቸው ነበር እያልሁ አስባለሁ። በእንሰት አገር ረሃብተኛ የለም ማለቴ አይደለም። ነገር ግን በ1977ቱ የረሃብ ዘመን እንሰት አብቃዩ አካባቢ በእህል ብቻ ከሚኖረው በተሻለ ችግሩን ተቋቁሟል።

የባንክ ሰው በመሆኔ እንሰትን ተቀማጭ ሒሳብ ብዬ ባስበው አትፍረዱብኝ። የዝናብ ወቅት ቢያልፍበት አይከስርም፤ በተፈለገ ጊዜ ይወጣል፤ ያልተፈለገው እያደገ ይቆያል። ታዲያ አንድ ቀን አንድ ገበሬ አነስተኛ ብድር ሊጠይቅ መጥቶ ቅጹን እሞላለት ነበር። የበርበሬውን ገቢ ጻፍሁ፤ ማረቆ ቅርባችን ነውና በርበሬ በእኛ ዘንድ ገንዘብ ነው። የጫቱንም ጻፍሁ። «እንሰቴስ?» አለኝ። ቅጹን አገላበጥሁ፤ ለእንሰት የተተወ መስመር የለም። «ይሸጡታል?» አልሁት። «እንበላዋለን እንጂ!» አለኝ፤ በጅል ጥያቄ እንደ ተጠየቀ ሰው እያየኝ። ልጆቹን ያሳደገበትን ሀብት ሳልጽፍ አስፈረምሁት።

ይህን ሁሉ የምጽፈው ነገሩ የራሴ ቤት ስለገባ ነው። አዲስ አበባ ያለው ታላቅ ወንድሜ በመጪው መስቀል በቤተ ሰብ ጉባኤ የሚያቀርበው ሐሳብ አለው፤ ከጓሮው እንሰት ግማሹ ተነቅሎ ጫት ይተከልበት ይላል። ምክንያት አላጣም። እናታችን ደክማለች። ከታች በኩል ያሉ ጎረቤቶቻችንን አጠውልግ የሚሉት የእንሰት በሽታ ገብቶባቸዋል፤ መድኃኒት የለውም፤ በቢላዋ ሳይቀር ከተክል ወደ ተክል ይተላለፋል፤ የተያዘውን ነቅሎ መቅበር ነው ያለው መላ። ጫቱ ደግሞ በዓመት ደጋግሞ ይሸጣል። እኔ ድምፄን ለእንሰቱ እሰጣለሁ። ጫት ሰውን ከገበያ ዋጋ ጋር ያስራል፤ ዋጋው በወደቀ ቀን ቅጠሉ አይጋገርም።

ይህንኑ ለታናሽ እኅቴ በኩራት ስነግራት «እሺ፤ ማን ሊፍቀው ነው?» አለችኝ። ኮሌጅ ጨርሳ ሥራ የምትፈልግ ልጅ ናት። «ባህል ይጠበቅ የምትሉት እናንተ ወንዶች ናችሁ፤ በዚያ ሳንቃ ፊት ተቀምጣችሁ አታውቁም። የእማዬን ወገብ እኔ ነኝ ማታ ማታ የማሸው።» መልስ አጣሁ። ከዚያች ቀን ወዲህ አቋሜ ተለውጧል፤ እንሰቱን አይደለም የተውሁት፣ ሳንቃውን ነው። ተመራማሪዎች የሠሩት የእንሰት መፋቂያ ማሽን በየመንደሩ ቢገባ ባህል ይጠፋል ብሎ የሚያዝን ገጣሚ ካለ፣ አስቀድሞ አንድ ግንድ ፍቆ ይምጣ። የሴት ወገብ ካልተሰበረ ጣዕሙ አይመጣም የሚለውን ወግ አልቀበልም። ማሽኑ እስኪመጣ ግን ሴቶች ብቻቸውን ይፋቁ ማለትስ ምን ዓይነት ፍርድ ነው?

«ቅዳሜ ከሰዓት ከሥራ ስትወጣ ና፤ አሳይሃለሁ» አለችኝ እኅቴ። ሄድሁ። ወንድ ልጅ በሳንቃው ፊት መቀመጡ ያልተለመደ ነውና በጀፎረው የሚያልፉ ሴቶች እየቆሙ አዩኝ፤ አንዷ ልጆቿን ጠርታ አሳየቻቸው። እናቴ መጀመሪያ ፊቷን ሸፈነች፤ ቆይታ እግሬን በእጇ ይዛ ከሳንቃው ጋር እንዴት እንደሚጣበቅ አስተካከለችልኝ። መፋቂያው ይንሸራተታል፤ ጠንክሮ የተጫኑት እንደሆነ ቃጫውን ይበጥሳል፤ ቀለል ያደረጉት እንደሆነ ነጩን ነገር ያስቀራል። እኅቴ ግንዷን ስትጨርስ እኔ ሦስተኛው ንብርብር ላይ ነበርሁ።

የእንሰት ውሃ እጅ ላይ ጠቁሮ ይቀራል፤ በሳሙናም ቶሎ አይለቅ። ሰኞ ጠዋት በመስኮቴ ተቀምጬ ለአንዲት አሮጊት ደንበኛ ብር ስቆጥር ዓይናቸው ጣቶቼ ላይ ቀረ። ብሩን ተቀብለው ከቀሚሳቸው ሥር ቋጠሩና፣ ወደ መስኮቱ ጠጋ ብለው ሌላ ሰው እንዳይሰማ ዝቅ ባለ ድምፅ፣

«ልጄ፣ ሚስትህ ታማ ነው?» አሉኝ።