ነጻ ጠቢብና የሰው ገንዘብ

ብቻውን የሚደክመውን የፊልም አዘጋጅ ማወደስ በዘመናችን ልማድ ሆኗል፤ ነገር ግን አወዳሾቹ ነጻነቱ እስከ የት እንደሚደርስ ሲመረምሩ እምብዛም አይታዩም። ላዲስላስ ስታሬቪችን የሚያህል ምስክር ለዚህ ነገር አላገኝም።

ይህ ሰው፣ ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ስንናገር፣ በ1882 ከፖላንዳውያን ወላጆች በሞስኮ ተወልዶ፣ በካውናስ ከተማ በቤተ መዘክር ሲያገለግል የባለ ቀንድ ጥንዚዛዎችን ጠብ በፊልም ሊያነሣ ቢሞክር፣ ፍጥረቶቹ በመብራቱ ፈዝዘው እንቢ ስላሉት፣ የሞቱትን ወስዶ እግሮቻቸውን በሽቦና በሰም አያይዞ፣ ጥቂት በጥቂት እያንቀሳቀሰ ሥዕሉን አንድ በአንድ ማንሣት ጀመረ። ዛሬ ስቶፕ ሞሽን የሚባለው ጥበብ ይኸው ነው። በ1912 የታየውን «ውቢቱ ሉካኒዳ» የተባለ ፊልሙን ከተመለከቱት አንዳንዶች፣ ነፍሳቱ በሕይወት ሳሉ የተገሩ መስሏቸው ነበር፤ ከዚህ የበለጠ ውዳሴ ለባለሙያ ያለ አይመስለኝም።

ከሩሲያ አብዮት በኋላ ወደ ፈረንሳይ ተሰዶ፣ በፓሪስ አጠገብ በፎንትኔ ሱ ቧ ቤቱን የሥራ ቦታ አድርጎ፣ ከሚስቱ ከአናና ከልጁ ከኢሬን ጋር እንደ ገዳማዊ በትዕግሥት ይሠራ ነበር። የአሻንጉሊቶቹን ፊት የሚቀርጸው ራሱ፣ የሚያንቀሳቅሰውም ራሱ ነበረና፣ እስከዚህ ድረስ አዛዥ አልነበረበትም።

ሆኖም ስለ ተንኮለኛው ቀበሮ የሠራው ረጅም ፊልም ሥዕሉ በ1930 ቢያልቅም፣ ድምፅ የማስገባቱ ነገር ከአቅሙ በላይ ስለ ነበረ ለዓመታት ተቀመጠ። በመጨረሻ ገንዘቡን ያወጣው የናዚ ዘመኑ የጀርመን ኩባንያ ኡፋ ነው፤ ጀርመናዊው ባለቅኔ ጎተ ያንኑ ተረት በግጥም ጽፎት ነበርና። ፊልሙ በ1937 በርሊን ላይ በጀርመንኛ ታየ፤ የፈረንሳይኛው ቅጂ ግን እስከ 1941 ዘገየ። እንግዲህ በአንዲት ጣት እንቅስቃሴ እንኳ ማንንም ያላማከረው ጠቢብ፣ ሥራው በማን አንደበት፣ በየትኛው አገር አስቀድሞ እንደሚናገር ሊወስን አልቻለም።

ታዲያ ከትልቅ ኩባንያ ገብቶ ቢቀጠር ይሻለው ነበር የሚል አይጠፋም። እኔ በዚህ አልስማማም፤ ያ ቀበሮ በብዙ እጅ ቢሠራ የተንኮሉ ፊት ባልኖረው ነበር። የምነቅፈው አድናቂዎችን ነው፤ ምክንያቱም ለእንዲህ ያለው ሰው ሽልማትና ጭብጨባ ሲሰጡ፣ የድምፁን፣ የቅጂውንና የሲኒማ ቤቱን ወጪ ማን ይሸፍናል የሚለውን ጥያቄ ለመጣው ሁሉ ክፍት አድርገው ይተዉታል።