መቁረጥም ሙያ ነው

የሰርግዎን ቪዲዮ ለመጨረሻ ጊዜ ያዩት መቼ ነው? ቀራጩ ትዝ ይልዎታል፤ መብራት ይዞ ፊትዎ ላይ ሲዞር የዋለ ሰው አይረሳም። የቀኑን ውሎ አሳጥሮ በሁለት ሰዓት ያስረከበዎትን ኤዲተር ግን ምናልባት አያውቁትም።

እኔም የኔን አላውቀውም። የሠራብኝን ግን አልረሳም። አባቴ ሲመርቁኝ በሚታዩበት ቦታ ላይ ዘፈን ለቆበታል። አባቴ ካረፉ ዓመታት አለፉ። ቪዲዮውን በከፈትኩ ቁጥር ከንፈራቸው ሲንቀሳቀስ አያለሁ፤ ድምፃቸው የለም።

ይህን ያስታወሰችኝ ወልድያ የምትኖረው እህቴ ናት። ባለፈው ደውላ፣ «ልጄ ከመርሳ፣ ከሀብሩ ገጠር የመጣ የሰርግ ቪዲዮ ሁሉ እየተቀበለ ኮምፒውተር ላይ ሲቆርጥ ሲቀጥል ያነጋል። ይሄ ምን ሥራ ነው?» ብላ አማረረች።

ትልቅ ሥራ ነው አልኳት። እ.ኤ.አ. በ1946 ጎንደር የተወለዱትን ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማን ይመልከቱ። እ.ኤ.አ. በ1993 የወጣውን «ሳንኮፋ» የጻፉት፣ ያዘጋጁትና ኤዲት ያደረጉት ራሳቸው ናቸው። «ጤዛ»ን ደግሞ ከሌላ ባለሙያ ጋር ሆነው ኤዲት አድርገውታል። የፊልሙ ዋና ገጸ ባሕርይ አንበርብር ከጀርመን ወደ ትውልድ መንደሩ ሲመለስ ያለፈ ሕይወቱ የሚመጣለት በቁርጥራጭ ትዝታ ነው። ያ ቁርጥራጭ ተገጣጥሞ ታሪክ የሚሆነው ኤዲቲንግ ላይ ነው። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ2008 በቬኒስ ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማት አግኝቷል።

ሙያው ግን ስም አያስጠራም። ከህንድ የቤንጋሊ ፊልሞች ሲነሱ ሁሉም የሚጠራው ዳይሬክተሩን ሳትያጂት ራይን ነው። እ.ኤ.አ. በ1955 ከወጣው «ፓቴር ፓንቻሊ» ጀምሮ የራይን ፊልሞች ለአሥርት ዓመታት ኤዲት ያደረገውን ዱላል ዱታን የሚያስታውስ ጥቂት ነው።

እርስዎም ቤት ኮምፒውተር ላይ የሚያመሽ እንዲህ ያለ ልጅ ካለ፣ ከመቆጣትዎ በፊት አንድ ምሽት አጠገቡ ይቀመጡ። «ይሄን ለምን ቆረጥከው? ያንንስ ለምን ተውከው?» ብለው ይጠይቁት። ምክንያቱን ማስረዳት ከቻለ ሙያ ይዟል ማለት ነው።

ለእህቴ ልጅ ግን አንድ አደራ ልኬያለሁ፦ ጭፈራውን እንደፈለግህ አሳጥረው፤ ምርቃት ላይ ግን ዘፈን እንዳትለቅ።