ጺሙ ምን አደረጋችሁ?



ባለፈው የማኅበራችን ስብሰባ ለሌሊት ጥበቃ ሰው ስንመርጥ፣ ከቀረቡት ልጆች አንዱ በጺሙ ምክንያት ብቻ እንደ ወደቀ ሁላችሁም አይታችኋል። ሥራውን አይችልም ያለ የለም። ሌባ ነው፣ ሰካራም ነው ያለም የለም። «ጺሙን እንዲህ አንጨባርሮ የሰው በር አይጠብቅም፤ ዱርዬ ይመስላል» ተባለ፣ እጅ ወጣ፣ አለቀ። እኔም በዚያች ሰዓት አፌን ይዤ መቀመጤ እስካሁን ስለሚያበሳጨኝ ይህችን ጽፌ በሰሌዳችን ላይ ለጥፌአለሁ።

እስቲ እንጠያየቅ። ዱርዬ በጺም የሚታወቅ ከሆነ አጼ ምኒልክን ምን ልንላቸው ነው? ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴስ ዘመነ መንግሥታቸውን ሁሉ ያለ ጺም ታይተው ያውቃሉ? ከ1928 እስከ 1933 ዱር ቤቴ ያሉት አርበኞችማ አይነሡ፤ የራስ አበበ አረጋይን የዚያን ጊዜ ፎቶግራፍ ያየ ሰው ጎፈሬና ሪዝ ምን እንደሚመስል ያውቃል። መነኩሴውና ቄሱስ? ጺም ማሳደግ ሱና ነው የሚሉት ሙስሊም ወንድሞቻችንስ? እነሱ ወደ ሰፈራችን ሲገቡ በሩን የሚዘጋ አለ?

ይልቁንስ የሚገርመኝ የእኛው ትውልድ ነው። መስቀል አደባባይ አብዮት አደባባይ ይባል በነበረ ጊዜ፣ የማርክስ፣ የኤንግልስና የሌኒን ሥዕል ተሰቅሎ በፊቱ ተሰልፈን አልፈናል። ሌኒን እንኳ አገጩ ላይ ትንሽ ነው ያስቀረው፤ የማርክስ ጺም ግን እስከ ደረቱ ነው። በመስከረም 1971 ፊደል ካስትሮ ያን ጺማቸውን ይዘው ለአብዮቱ በዓል ሲመጡ አጨብጭበናል። ይሄ ዱርዬ ማነው ያለ አልነበረም። የውጭ አገር ሰው ጺም ሲሆን ፍልስፍና፣ የገርጂ ልጅ ጺም ሲሆን ዱርዬነት!

«የአሁኑ ግን የፋሽን ጺም ነው» ትሉኝ ይሆናል። ይሁን! ከቦሌ መድኃኔዓለም እስከ መገናኛ ባሉት ፀጉር ቤቶች ቅዳሜ ቅዳሜ ተራ የሚጠብቀውን ወጣት እኔም አያለሁ፤ ጠርዙን አስከርክሞ፣ ቅባት ተቀብቶ ይወጣል። እውነቱን ለመናገር አንዳንዱ አያምርበትም። እኛስ ያን አፍሯችንን አበጥረን፣ ያን ቤል ቦተም ለብሰን ስንወጣ ለአባቶቻችን አምሮብን ነበር? እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው፤ ጺም አልበቅል ያለው ልጅ ሚኖክሲዲል ገዝቶ ጉንጩን ይቀባል። ይህ መድኃኒት መጀመሪያ የዋለው ለደም ግፊት ነው። አሜሪካ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1988 ለራሰ በራነት ተፈቀደ እንጂ ለጺም ብሎ የፈቀደው የለም። ልቡን የሚያስመታው ሰው አለና ሐኪም ሳይጠየቅ አይነካም። በዚህ ብንቆጣ ቁጣችን ቦታውን ባገኘ ነበር።

«ይላጭና ይግባ» ያላችሁም አላችሁ። ለሁሉ ሰው ቀላል አይደለም። ፀጉሩ ከርዳዳ የሆነ ሰው ሲላጭ፣ የተቆረጠው ፀጉር ተጠምዝዞ ወደ ቆዳው ተመልሶ ይገባና ያቆስለዋል፤ አንገታችሁ ላይ ያ ሽፍታ የሚወጣባችሁ ታውቁታላችሁ። የቆዳ ሐኪሞች ለዚህ ዋናው መፍትሔ ምላጭን መተው ነው ይላሉ። ስለ ምላጭ ከተነሣ ደግሞ፣ ጉበት የሚያጠቃው የሄፓታይተስ ቢ ቫይረስ ከሰውነት ውጭ ቢያንስ 7 ቀን ሳይሞት ይቆያል። ልጁን ተላጭ ብለን ከምናስገድድ እኛ የምንላጭበት ምላጭ አዲስ መሆኑን ብንጠይቅ ይሻለናል።

አሁን ወደ ልጁ ልመለስ። አባቱን የቀበርነው ከ4 ወር በፊት ነው። ድንኳኑን የተከልነው እኛው፣ ንፍሮውን የቀመስነው እኛው። በአገራችን ወንድ ልጅ ሐዘን ሲደርስበት ጺሙን እንደማይላጭ የማያውቅ ማን አለ? እጃቸውን ካወጡት መካከል ለራሳቸው ሐዘን ዓመት ሙሉ ጺማቸውን ምላጭ ያላስነኩ ሰው አሉ፤ ስም አልጠራም፣ ራሳቸውን ያውቃሉ። ልጁን ለምን ዝም እንዳለ ብጠይቀው «ምን ልበላቸው ጋሼ፣ አልጠየቁኝም እኮ» ነው ያለኝ።

ቢሆንም ለሐዘን ስለሆነ ብቻ ይታለፍለት አልልም። ኮረዳ ለማማለል ያሳደገው ቢሆንም ለእኔ ያው ነው፤ ሌሊቱን ነቅቶ ያድራል ወይ ነው ጥያቄው። ስለዚህ በሚቀጥለው የእሑድ ስብሰባ ምርጫው እንደገና በአጀንዳ እንዲያዝ አመለክታለሁ። ተቃውሞ ያለው ሰው ስለ ልጁ ጠባይ የሚያውቀውን ይዞ ይምጣ፤ ጺሙን እንደሆነ ሁላችንም አይተነዋል።

አንድ የማኅበሩ አባል