ባቡሩን ስንጠብቅ ቡናው በረደ



ሰሞኑን ስልካችንን በከፈትን ቁጥር የሚገጥመን ጥቅስ አንድ ዓይነት ሆኗል። «ዛሬን ኑር»፣ «ሕይወት አንዴ ናት»፣ «አታቅድ፣ ዝም ብለህ ውጣ»። ከጀርባው ባሕር ወይ ተራራ አለ፣ ከሥሩ ደግሞ የላይክ መዓት። አንዋሽም፣ እኛም ሼር አድርገናል። ባለፈው ሐራ ላይ ተሰብስበን ሳለ ግን አንዱ ጓደኛችን «ለመሆኑ እኛ ዛሬን ኖረን እናውቃለን ወይ?» ብሎ ጠየቀ። ሁላችንም ስልካችንን እያየን ስለነበር ቶሎ የመለሰለት የለም።

ስለ መጠበቅ ከሆነ የሐራን ልጅ የሚያስተምረው የለም። ከአዋሽ ተነስቶ በኮምቦልቻ አድርጎ ሐራ ገበያ የሚደርሰው፣ 390 ኪሎ ሜትር ገደማ የሚረዝመው የባቡር መስመር ግንባታ የተጀመረው በ2007 ዓ.ም ነው። ያፒ መርከዚ የተባለው የቱርክ ድርጅት ነበር የሚሠራው። ከመቀሌ የሚመጣውም መስመር እዚሁ እኛ ዘንድ እንዲገጥመው ነበር የታሰበው። ያኔ ልጆች ነበርን። «ባቡሩ ሲገባ» የምትለዋን ቃል እንደ ዱዓ ለመድናት። ባቡሩ ሲገባ ሱቅ እንከፍታለን፣ ባቡሩ ሲገባ ሥራ ይኖራል፣ ባቡሩ ሲገባ እናገባለን። ከአስር ዓመት በላይ አለፈ። በመሐል ጦርነት መጣ፣ ሰው ሞተ፣ ቤት ተዘረፈ። መደበኛው ባቡር ግን እስካሁን አልገባም። ባቡሩን አንወቅሰውም። እኛ ግን እሱ እስኪመጣ ብለን ያላደረግነው ስንት ነገር አለ!

ባቡሩን ያልጠበቀ ደግሞ ሳዑዲን ይጠብቃል። «ሳዑዲ ከገባሁ በኋላ እናቴን እጦራለሁ» የሚል ወንድም አለ። እናቱ ሁለት ሰፈር አልፋ ነው ያለችው። ውኃ የሚቀዳላት የጎረቤት ልጅ ነው።

እነዚህ ጥቅሶች ያረጀ ዘር አላቸው። ከ2000 ዓመት በፊት የኖረው ሮማዊው ገጣሚ ሆራስ ቀኑን እንደ ፍሬ ቀጥፎ ስለ መብላት ጽፏል፤ ዛሬ በየቲሸርቱ የሚታተመው ሐሳብ መነሻው እሱ ነው። ደስ የሚል ምሳሌ ነው። ነገር ግን ፍሬ ሲነሳ እኛ ሙስሊሞች ሌላ ሰው ትዝ ሊለን ይገባል፦ ከዕብ ኢብኑ ማሊክ (ረ.ዐ)።

በ9ኛው ዓመተ ሂጅራ ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) ወደ ተቡክ ሲዘምቱ መዲና ላይ ፍሬው በስሏል፣ ጥላውም አጓጊ ነበር። ከዕብ ራሱ በተናገረው፣ ቡኻሪና ሙስሊም በዘገቡት ታሪክ ውስጥ አልዘምትም ያለ ሰው የለም። ጠዋት ሊዘጋጅ ይወጣል፣ አንድም ነገር ሳያደርግ ይመለሳል። አቅሙም ጊዜውም አለኝ እያለ ዛሬ ነገ ሲል ሠራዊቱ ሄደ። ከዚያ በኋላ የመጣውን 50 ቀን ታውቁታላችሁ፤ ሰላም የሚለው ሰው ጠፋ፣ መሬት ጠበበችበት። እኛን የሚነካን ግን የዝግጅቱ ነገር ነው። ከዕብ ፍሬውንና ጥላውን አግኝቶ ነበር፣ በጥቅሶቹ ቋንቋ ከሆነ ዛሬውን የቀጠፈ እሱ ነው። ያመለጠው ደግሞ ያው ዛሬ ነው፣ ምክንያቱም የዛሬው ሥራ ሌላ ነበር።

ይህን ስንል «ታዲያ መደሰት ሐራም ነው?» የሚለን አይጠፋም። (ሁልጊዜ ኮሜንት ላይ የሚጠብቅ አለ።) አይደለም። በአንድ ጉዞ ላይ ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) ሰዎቹን «እናንተ ቅደሙ» ብለው ከእናታችን ዓኢሻ (ረ.ዐ) ጋር ሩጫ ተወዳድረዋል፤ እሷም ቀድማቸዋለች። ከጊዜ በኋላ ደግሞ በሌላ ጉዞ እሳቸው ሲቀድሟት ይቺ በዚያችኛዋ ምትክ ናት ብለው ሳቁ። የስንት ሰው ጉዳይ ትከሻቸው ላይ ያለ መልእክተኛ መንገድ ላይ ቆመው ከሚስታቸው ጋር ሲሮጡ አስቡት። ማንም አልቀረጻቸውም። እኛ ዘንድ ግን ደስታው ካልተቀረጸ የሆነ አይመስለንም።

ሌላም አለ። ሐንዞላ (ረ.ዐ) ከነቢዩ ዘንድ ሲሆን ጀነትና ጀሀነምን በዓይኑ የሚያይ ያህል ይሆንና ቤቱ ገብቶ ከልጆቹ ጋር ሲውል ይረሳል። ሙናፊቅ ሆንኩ ብሎ ፈራ። መልሱ ሁሉም በየሰዓቱ ነው የሚል ነበር። ይህንን ሐዲስ አንዳንዶቻችን «አንዷ ሰዓት ለአላህ፣ አንዷ ለነፍሴ» ብለን እንደ ፈቃድ ወረቀት እንይዘዋለን። ሐንዞላ ግን የረሳው ልጆቹን እያጫወተ ነው፤ በርጫ ላይ ተኝቶ አይደለም።

ስለ «ድንገት ተነሳና ሂድ» ደግሞ ከእኛ በላይ ማን ይናገር? ማታ ደላላ ደውሎለት፣ ለእናቱ እንኳ ሳይናገር፣ በአፋር ወደ ጅቡቲ፣ ከዚያ በጀልባ ወደ የመን የወጣ ልጅ በየሰፈራችን አለ። ላዩን ሲያዩት ሳያቅድ የኖረ ይመስላል። እውነቱ ግን ዛሬን መቋቋም ያቃተው ልጅ ነው። ለዚያ ልጅ «አታቅድ፣ ዝም ብለህ ውጣ» የሚል ጥቅስ መላክ ምን እንደሚያደርግ አስበነው እናውቃለን?

ያቺ ጥያቄ የተጠየቀችው የጓደኛችን እናት ቤት፣ ከዐስር ሰላት በኋላ ነበር። ቡናው ቀርቧል። እኛ ሁልጊዜ አቦሉን ጠጥተን፣ ቶናው ሳይወርድ «ሥራ አለን» ብለን እንወጣለን። በረካ ለእናታችንና ለጎረቤቶቿ የሚቀር ነው፣ ስሙ በረካ ሆኖ ሳለ። ያን ዕለት ስልኮቻችንን ሰብስበን መስኮቱ ላይ አስቀመጥንና ቁጭ አልን። እናታችን ተጠራጠረች። «ምን ሆናችኋል ዛሬ? የምትደብቁኝ መርዶ አለ እንዴ?» አለችን። የለም ብለን ማልንላት። ሳቀች፣ ፍሙን ቆሰቆሰች፣ ከዚያም ሟቹ ባለቤቷ ለኒካሕ ሊመጣ ሲል ወንዝ ሞልቶበት ማዶ እንዳደረ አጫወተችን። ልጇ ይህን ታሪክ ሰምቶት አያውቅም ነበር። መግሪብ አዛን ሲል ገና አልጨረሰችውም።