ጉድ ያዥ



የዛሬው ጨዋታችን ስለ አንዲት ቃል ነው። ቃሏ በመዝገበ ቃላት አትገኝም። የተወለደችው በደቡብ ጎንደር፣ በደራ ወረዳ፣ አንበሳሜ ከተማ፣ ከአያታችን ምድጃ ዳር ነው። ጉዳዩ የሕፃናት የሽንት ጨርቅ ስለሆነ ገና ሲጀመር አፍንጫውን የሚይዝ አንባቢ ቢኖር አንቀየመውም። ነገር ግን ሁላችንም ያለፍንበት፣ ዕድሜ ከተሰጠን ደግሞ ብዙዎቻችን የምንመለስበት ነገር ነውና እስከ መጨረሻው ይታገሠን።

በ2006 ዓ.ም. መጀመሪያ ሳውዲ ዐረቢያ የመኖሪያ ፈቃድ የሌላቸውን የውጭ ዜጎች ማስወጣት ስትጀምር ከመቶ ሺህ በላይ ወገኖቻችን ወደ አገር ቤት ተመለሱ። ከእነሱ አንዷ ታላቅ እህታችን ነበረች። ከጂዳ ስትመጣ በአንድ እጇ የስድስት ወር ልጇን ታቅፋ፣ በሌላው አንድ ትልቅ እሽግ አንጠልጥላ ገባች። ምን እንደሆነ ስንጠይቃት «ባምበርስ» አለችን። አዲስ አበባ የተማረው ታናሽ ወንድማችን «ፓምፐርስ ነው የሚባለው» ብሎ ሊያርማት ሲል ክርክር ተነሣ።

አያታችን ክርክሩን ለልጆቹ ትተው ዕቃውን አገላብጠው አዩት። እሳቸው ሰባት ልጅ ያሳደጉት በአንቀልባና በአሮጌ ነጠላ ቁራጭ ነው። ልጅ ጀርባቸው ላይ ሲሸና «ሲሳይ ነው» ብለው ልብሳቸውን አራግፈው ሥራቸውን የሚቀጥሉ ሴት ናቸው።

«ሌሊቱን ሙሉ ይይዛል ነው የምትይኝ?» አሏት።

«አዎ እምዬ፣ ጠብ አይልም።»

«ወይ ጉድ! ገንዘብ ያዥ ሲባል ሰምተናል፣ ንብረት ያዥም ሰምተናል። አሁን ደግሞ ጉድ ያዥ የሚባል መጣ?»

ቤቱ በሳቅ ተሞላ። ከዚያች ቀን ጀምሮ በእኛ ቤት ባምበርስም ፓምፐርስም ቀረ፤ ስሙ ጉድ ያዥ ሆነ። ጎረቤት ወሰደው፣ የጎረቤት ጎረቤት ወሰደው። ቃሉም እንደ ልጁ እያደገ ሄደ፤ ትርጉሙም በዛ። እኛም በመምህርነት ልማዳችን ትርጉሞቹን በየተራ እናቀርባለን።

የመጀመሪያው ትርጉም ዕቃው ራሱ ነው። በነገራችን ላይ እህታችንም ወንድማችንም ትክክል ነበሩ። ዐረብኛ «ፐ» የሚለው ድምፅ ስለሌለው ቃሉ በዐረብ አገር ሲያልፍ «ባምበርስ» ይሆናል። «ፓምፐርስ» ደግሞ የአንድ የአሜሪካ ኩባንያ የንግድ ስም ነው። የፕሮክተር ኤንድ ጋምብል መሐንዲስ የነበረው ቪክተር ሚልስ የልጅ ልጁን ጨርቅ መቀያየር ስላስመረረው ነው ይባላል፣ ተጠቅሞ የሚጣል የሽንት ጨርቅ እንዲሠራ ባልደረቦቹን ያነሣሣው። ዕቃው እ.ኤ.አ. በ1961 ለሙከራ ለገበያ ቀረበ። ከዚያ በፊትም ማሪዮን ዶኖቫን የተባለች አሜሪካዊት እናት ከገላ መታጠቢያ መጋረጃ ቆርጣ የማያፈስ መሸፈኛ ሰፍታ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1951 የፈጠራ መብቷን አስመዘገበች። የንግድ ስሙ በእንግሊዝኛ ማቀማጠልን፣ ማሞላቀቅን ያመለክታል። ስለዚህ በአማርኛ ቢተረጎም «አሞላቃቂ» ሊባል ነው። «ዳይፐር» የሚለው ደግሞ በጥንት ጊዜ የሕፃን ጨርቅ ስም አልነበረም፤ በሽመናው ላይ ጥለት ያለበት ነጭ ጨርቅ ስም ነበር። ዐረቦቹ ከንግድ ስሙ ሌላ «ሐፋዛ» የሚል የራሳቸው ቃል አላቸው፤ ሥሩ መጠበቅ፣ መያዝ ነው። መድረሳ ደጃፍ ረግጠው የማያውቁት አያታችን ከዐረብኛው ጋር ገጠሙ ማለት ነው!

የንግድ ስም የዕቃ ስም ሆኖ መቅረቱ ለእኛ አገር አዲስ አይደለም። የልብስ ሳሙና ዱቄት ሁሉ «ኦሞ»፣ የሴቶች ንጽሕና መጠበቂያ ሁሉ «ሞዴስ» ሲባል ኖሯል። ዳይፐርም ከውጭ ብቻ የሚመጣ ነገር ሆኖ አልቀረም፤ እ.ኤ.አ. በ2017 ኦንቴክስ የተባለ የቤልጂየም ኩባንያ በሐዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክ ፋብሪካ ከፍቶ ነበር።

ከዚሁ ጋር የእናቶችን ሶላት የሚመለከት አንድ ነገር እናንሣ። የአላህ መልእክተኛ (ሰ.ዐ.ወ) የልጅ ልጃቸውን ኡማማን ታቅፈው መስገዳቸው፣ ሲሰግዱ ያስቀምጧት ሲቆሙም ያነሷት እንደነበር በሶሒሕ ሐዲስ ተዘግቧል። ገና ምግብ ያልጀመረ ወንድ ሕፃን ልብሳቸው ላይ ሲሸናም ውኃ አስመጥተው ረጩበት እንጂ እናቱን አልተቆጡም። ዑለሞች በዝርዝሩ ላይ የተለያየ አስተያየት አላቸው። እኛ የምንለው፣ ሕፃኑን ይዛ የምትሰግድ እናት አስቀድማ ጉድ ያዡን ብትቀይርለት ለእሷም ለልጁም ይበጃል ነው።

ሁለተኛው ትርጉም ምሥጢር ጠባቂ ነው። በአያታችን ቤት ቡና ላይ የሰማውን ከጀበናው ጋር ከድኖ የሚሄድ ሰው «እሷማ ጉድ ያዥ ናት» ተብሎ ይመሰገናል። ወሬ የሚያመላልሰው ደግሞ «ያፈስሳል» ይባላል። የባልና ሚስትን ጠብ ሰምቶ የሚያፈስስ ጎረቤት ስንቱን ትዳር እንዳፈረሰ አንባብያን ታውቃላችሁ። የወንድሙን ነውር የሸፈነ ሙስሊም አላህ በዱንያም በአኺራም እንደሚሸፍንለት ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) ነግረውናል። በዚህ ትርጉሟ ቃሏ መልካም ናት።

ሦስተኛው ትርጉም ግን የሁለተኛው ተቃራኒ ነው። ከጂዳ የመጣው እሽግ እያለቀ ሲሄድ እህታችን መቆጠብ ጀመረች። ሥራ አልነበራትም፤ የእኛም የመምህር ደመወዝ ገና ጀማሪ ነበር። ከማታ ያሰረችውን እስከ ቀትር አትፈታም። ልጁ ያለቅሳል፤ እኛ ጥርስ ሊያወጣ ነው እንላለን። ላዩ ደረቅ፣ ንጹሕ፣ አበባ የተሣለበት ነው፤ ማን ይጠርጥር? በሦስተኛው ቀን አያታችን ፈትተው ሲያዩት ቆዳው እንደ በርበሬ ቀልቷል፤ በብሽሽቱ በኩል ተልጧል። አያታችን እህታችንን አልተቆጧትም። «አንቺ ልጅ፣ በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም» ብቻ አሏት። እህታችን ግን እንደ ልጇ አለቀሰች።

እዚህ ላይ ለእናቶች ጥቂት ምክር እንስጥ። እ.ኤ.አ. ከ1980ዎቹ ወዲህ በዳይፐሩ ውስጥ የሚጨመረው ዱቄት ከራሱ ክብደት ብዙ እጥፍ ፈሳሽ የመምጠጥ ኃይል አለው። ስለዚህ ላዩ ደረቅ መምሰሉ ሊያታልል ይችላል። ቢቻል በየሁለት ወይም በየሦስት ሰዓቱ፣ ዓይነ ምድር ሲኖር ደግሞ ወዲያውኑ መቀየር ያስፈልጋል። ገላውን በንጹሕ ውኃ አጥቦ በደንብ ማድረቅ፣ በቀን ጥቂት ጊዜም ራቁቱን አየር እንዲያገኝ መተው ይጠቅማል። ዚንክ ኦክሳይድ ያለበት ቅባት ይረዳል። መቅላቱ በሁለትና በሦስት ቀን ካልተሻለው ወይም ሽፍታ ካወጣ ወደ ጤና ጣቢያ መውሰድ ይገባል። አቅም የሌላት እናትም አትሸማቀቅ፤ ታጥቦ ፀሐይ ላይ የደረቀ ንጹሕ ጨርቅ ለረጅም ሰዓት ካልተቀየረ ውድ ዳይፐር ይሻላል።

ያገለገለውን የት እንጣለው የሚለውም ትልቅ ጥያቄ ነው። የሕፃን ዓይነ ምድር ጉዳት የለውም የሚባለው ስሕተት ነው፤ ተቅማጥ የሚያመጡ ተሕዋስያን ይኖሩበታል። ስለዚህ ዓይነ ምድሩን መጸዳጃ ጉድጓድ ውስጥ አራግፎ፣ ዳይፐሩን ጠቅልሎና አስሮ ውሻ በማይደርስበት ቆሻሻ ማጠራቀሚያ መጣል ይገባል። ፕላስቲክ ስላለበት ቶሎ አይበሰብስም፤ ወንዝ ዳር የጣልነው ከእኛ በታች ያለ ሰው ውኃ ላይ ይደርሳል።

ከዚያ ወዲህ በቤታችን የተደበቀ ችግር ሁሉ ጉድ ያዥ ውስጥ ያለ ነው ይባላል። እኛም አንድ ጊዜ ከባለቤታችን ደብቀን የተበደርነው ዕዳ ነበር። ወር በወር እየከበደ ሄዶ ሲታወቅ አያታችን ሰምተው «ጉድ ያዥህ ሞልቶ ነበር፤ ምነው ቶሎ ብትፈታው?» አሉን። ምሥጢር መጠበቅና ችግር መደበቅ የሚለያዩት እዚህ ላይ ነው። የሰውን ነውር መሸፈን ምግባር ነው፤ የራስን ቁስል ከሚያክመው ሰው መደበቅ ግን ቁስሉን ማባባስ ነው።

አራተኛውን ትርጉም ባንጽፈው ደስ ባለን። ያ ከጂዳ የመጣ ሕፃን አድጎ አንደኛ ክፍል ሲገባ አንድ የክፍል ጓደኛው ፈርቶ ሱሪው ላይ ሸና። የእኛው ልጅ «ጉድ ያዥ!» ብሎ ጮኸ። ክፍሉ በሳቅ ተናወጠ፤ ስሙም ተለጠፈበት። ልጁ ሦስት ቀን ከትምህርት ቤት ቀረ። እኛ መምህር ሆነን ሳለ ከቤታችን የወጣች ቃል የሰው ልጅ ከትምህርት አስቀረች! አያታችን ይህን ሲሰሙ የልጅ ልጃቸውን አጠገባቸው አስቀምጠው «መጀመሪያ ይህን ስም የለበስከው አንተ ነህ፤ በአንተ ስንስቅ ግን አቅፈንህ ነበር» አሉት። ከዚያ እጁን ይዘው እስከ ልጁ ቤት ሄዱና ይቅርታ አስጠየቁት።

በነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) መስጊድ ውስጥ ስለሸናው ዘላን ሁላችንም ሰምተናል። ሶሓቦች ሊነሡበት ሲሉ ነቢዩ ተዉት አሉ፤ ሲጨርስ በቦታው ላይ አንድ ባልዲ ውኃ እንዲፈስበት አዘዙ፤ ሰውየውንም በለሰለሰ ቃል አስተማሩት። አንድ ባልዲ ውኃ የሚያጠራውን ነገር በስድብ ዕድሜ ልክ አናቆሽሸው።

አምስተኛው ትርጉም የመጣው አምና ነው። አያታችን በክረምት አዳልጧቸው ወደቁና የዳሌ አጥንታቸው ተሰበረ። አልጋ ላይ ዋሉ። ጥቂት ቀን እንደ ቆዩ ውኃ መጠጣት ተዉ። ብንለምናቸው «አልጠማኝም» ይላሉ፤ ከንፈራቸው ግን ተሰነጣጥቋል። ምክንያቱ የገባት እህታችን ናት፤ ሽንታቸው እንዳይመጣ ነው የማይጠጡት። በእኛ እጅ መጽዳዳቱን አፍረውት ነው።

ከባሕር ዳር የአዋቂ ዳይፐር ገዝተን መጣን። ሦስት ቀን ከበር ኋላ ተቀመጠ፤ ማን ይንገራቸው? ሠላሳ ዓመት ያለፈን፣ በየክፍሉ ስንናገር የምንውል መምህር ቃል አጣን። «ዳይፐር» ብንላቸው ልጅ ያደረግናቸው፣ «የሽንት ጨርቅ» ብንላቸው የሰደብናቸው መሰለን። በሦስተኛው ቀን ያ የእህታችን ልጅ እሽጉን አንሥቶ ገባና አልጋው ጫፍ ተቀመጠ።

«እምዬ፣ ጉድ ያዥ መጣልሽ።»

አያታችን ዝም አሉ። እኛ ከበር ላይ ትንፋሻችንን ያዝን።

«የማን ነው?»

«በፊት የኔ ነበር፤ አሁን ያንቺ ነው።»

አያታችን ሳቁ። ከወደቁ ጀምሮ ሲስቁ የመጀመሪያቸው ነበር። «እንግዲህ ስሙን ያወጣሁት እኔ ነኝ፤ አምጡት» አሉ። ቀጥለውም «ውኃ ስጡኝ» አሉ።

የቀራቸው ጭንቀት የሶላት ነበር። ሽንቱን መቆጣጠር ያቃተው ሰው ከሶላት እንደማይታገድ፣ የሶላቱ ወቅት ከገባ በኋላ ታጥቦ፣ ጨርቁን ቀይሮ፣ ውዱእ አድርጎ እንደሚሰግድ፣ ከዚያ ያለፈው ይቅር እንደሚባልለት ዓሊም ጠይቀን ነገርናቸው። ዝርዝሩን እናንተም በአካባቢያችሁ ካሉ ዑለሞች ጠይቁ።

አላህ (ሱ.ወ) በሱረቱል ኢስራእ ወላጆች አጠገባችን ሲያረጁ «ኡፍ» እንኳ እንዳንላቸው አዝዞናል። ከቀደምት ሙፈሲሮች አንዱ የሆኑት ሙጃሂድ ይህን ሲያብራሩ፣ እነሱ በልጅነትህ ሽንትህንና ዓይነ ምድርህን ሳይጸየፉ እንዳጸዱልህ አንተም በእርጅናቸው ስታይባቸው አትጸየፋቸው ማለት ነው ብለዋል። ይህን በመድረሳ ስንቀራው ትርጉሙን የያዝነው መስሎን ነበር። የገባን ግን አምና፣ እሳቸው ያጠቡትን እጃችንን በሳሙና ታጥበን አልጋቸው አጠገብ ስንንበረከክ ነው።

አያታችን ዛሬ አልሐምዱ ሊላህ በምርኩዝ ደጅ ይወጣሉ። ይህን ጽሑፍ ከመላካችን በፊት አነበብንላቸው። «ጉዴን ለአገር ልታፈስሰው ነው?» አሉን። ካልፈለጉ እንደምንተወው ስንነግራቸው ትንሽ አሰቡና «ተወው ይሂድ፤ ውኃ ያልጠጣች ሌላ አሮጊት ትኖር ይሆናል» አሉን።

ውድ አንባብያን፣ በየቤታችሁ እንዲህ ያለች ቃል ካለች ጻፉልን። እስከሚቀጥለው ወር በሰላም ያገናኘን። ወሰላሙ ዐለይኩም።