የጀርባ ብጉር እድፍ አይደለም

ስለ ብጉር ሲነሣ በብዙዎቻችን አእምሮ ቀድሞ የሚመጣው ፊት ነው። ይሁን እንጂ ፊታቸው ላይ ብጉር ከሚወጣባቸው ሰዎች ግማሽ ያህሉ ጀርባቸው ወይም ደረታቸው ላይም እንደሚወጣባቸው የቆዳ ሕክምና ጽሑፎች ያስረዳሉ። ፊት በመስታወት ይታያል፤ ጀርባን ግን ባለቤቱም በቀላሉ አያየውም፣ ሐኪሙም ሸሚዝ እንዲወልቅ ካላዘዘ አያገኘውም። ባለቤቱ የሚያውቀው በእጁ ሲዳስሰው፣ ቦርሳ ሲያነግት ሲቆጠቁጠው ወይም በነጭ ሸሚዙ ላይ የደም ጠብታ ሲያገኝ ነው። ያን ጊዜ የሚወሰደው የመጀመሪያ እርምጃ በአብዛኛው አንድ ዓይነት ነው፦ ጀርባን በሳሙናና በሻካራ ነገር አጥብቆ መፈግፈግ።

የዚህ ጽሑፍ መከራከሪያ ይህ ልማድ ሕክምና አለመሆኑን ማሳየት ነው። እንዲያውም በጠይምና በጥቁር ቆዳ ላይ ከብጉሩ ከራሱ የከፋ ጉዳት ወደሚያስከትል አዙሪት ያስገባል። ጉዳዩን ለማየት የንፋስ ስልክ ላፍቶ ክፍለ ከተማን በምሳሌነት ወስጃለሁ። ከጀሞ የጋራ መኖሪያ ሕንጻዎች እስከ ለቡ፣ መካኒሳና ሀና ማርያም ድረስ የኑሮ ደረጃቸው የተለያየ ወጣቶች በብዛት የሚኖሩበት ነው። በአንድ መንገድ ዳር መድኃኒት ቤቱ፣ የመዋቢያ ሱቁና የጸጉር ቤቱ ጎን ለጎን ይገኛሉ። ከመካኒሳ ብዙም ሳይርቅ፣ በዘነበወርቅ፣ እ.ኤ.አ. በ1965 የተመሠረተውና ለሥጋ ደዌ ሕክምና በአፍሪካ የታወቀው፣ ዛሬም የቆዳ ሕክምና ዋና ማዕከል የሆነው አለርት አለ። የቆዳ ዕውቀትና የቆዳ ገበያ እንዲህ ተቀራርበው ሳለ አንዱ ሌላውን አለማረሙ የሚያነጋግር ነው።

የብጉር መነሻ

ብጉር የሚጀምረው ከቆዳው ገጽ በታች፣ በጸጉር ከረጢት ውስጥ ነው። በጉርምስና ወቅት የሚጨምሩት አንድሮጅን የተባሉት ሆርሞኖች ወዝ አመንጪ ዕጢዎችን ያነቃቃሉ። የከረጢቱን አፍ የሸፈኑት ሕዋሳት በወጉ ረግፈው ከመውጣት ይልቅ እርስ በርስ ተጣብቀው መውጫውን ይደፍናሉ። በታፈነው ወዝ ውስጥ ኩቲባክቴሪየም አክኔስ የተባለው ባክቴሪያ ይራባል፤ የሰውነት መከላከያም ምላሽ ሲሰጥ ቦታው ይቀላል፣ ያብጣል፣ መግል ይቋጥራል። የላይኛው ጀርባ ወዝ አመንጪ ዕጢዎች በብዛት የሚገኙበትና ቆዳው ወፍራም የሆነ ስፍራ በመሆኑ ብጉሩ ብዙ ጊዜ ጠልቆ የሚገባና ጠባሳ የሚተው ነው።

ከዚህ ሂደት ውስጥ የእድፍ ድርሻ የለም። በጥቁር ነጥብ መልክ የሚታየው የብጉር ዓይነት እንኳ የጠቆረው በአቧራ ሳይሆን በሜላኒንና ከአየር ጋር በተዋሐደ ወዝ ምክንያት ነው። ስለዚህ በመፈግፈጊያ የሚታሸው የቆዳ ገጽና ችግሩ ያለበት ስፍራ የተለያዩ ናቸው።

ቆዳ የሞቱ ሕዋሳቱን በአንድ ወር ገደማ ዑደት ራሱ ያራግፋል። ይህን ሥራ በኃይል ለማፋጠን ሲሞከር ግን ሦስት ነገሮች ይከተላሉ። አንደኛ፣ ያበጠው ከረጢት ግድግዳው ተቀዶ ይዘቱ ወደ ጥልቁ የቆዳ ክፍል ይፈስሳል፤ ትንሹ ብጉር ትልቅ ይሆናል። ሁለተኛ፣ አሲዳማነቱ በፒኤች ልኬት 5 አካባቢ የሆነው የቆዳ መከላከያ፣ ልኬቱ 9 ወይም 10 በሚደርስ ሳሙና፣ በተለይም በልብስ ሳሙና፣ ደጋግሞ ሲታጠብ ይዳከማል። ሦስተኛ፣ ሰበቃ ራሱ ብጉር ያመጣል። ሚልስና ክሊግማን የተባሉት የቆዳ ሐኪሞች እ.ኤ.አ. በ1975 በሰበቃ፣ በግፊትና በሙቀት የሚባባሰውን ብጉር ለይተው ስም ሰጥተውታል። የተማሪ ቦርሳ ማንገቻ፣ ላብ የማይመጥ ጠባብ ሹራብና ሸክም በጀርባ ላይ የሚሠሩትን ሥራ መፈግፈጊያውም ይሠራዋል።

ከጥቁረት ወደ ቅባት

በጠይምና በጥቁር ቆዳ ላይ እያንዳንዱ ቁስለት ሜላኒን አመንጪ ሕዋሳትን ያስቆጣል። ብጉሩ ከጠፋ በኋላ የሚቀረው ጥቁረት ለወራት፣ አንዳንዴም ከዓመት በላይ ይቆያል። የላይኛው ጀርባ፣ ትከሻና ደረት ኬሎይድ ለተባለው ከፍ ብሎ ለሚወጣ ጠባሳ የተጋለጡ ስፍራዎች መሆናቸው ደግሞ ነገሩን ያከብደዋል። ብጉር ያለበት ወጣት ብዙ ጊዜ ወደ መድኃኒት ፍለጋ የሚገፋው ይህ ጥቁረት እንጂ ብጉሩ አይደለም። የሠርግ ቀሚስ ስትመርጥ ጀርባዋን የሚሸፍነውን ብቻ የምታስለካ ሙሽራ፣ ከእኩዮቹ ጋር ለመዋኘት ሸሚዙን ለማውለቅ የሚያፍር ተማሪ፣ ሁለቱም የሚሸሹት የተዥጎረጎረ መልክን ነው።

አዙሪቱ የሚጠብቀው እዚህ ላይ ነው። ጥቁረትን «ያጠራል» ተብሎ ከሚሸጠው ቅባት መካከል ክሎቤታሶልንና ቤታሜታሶንን የመሰሉ ኃይለኛ ስቴሮይዶችን የያዘ ይገኝበታል። ስቴሮይድ እብጠትንና ቅላትን በፍጥነት ስለሚያበርድ የመጀመሪያዎቹ ቀናት ውጤት ያስደስታል፤ ተጠቃሚውም ለጓደኛው ይመሰክራል። ሲሰነብት ግን ቆዳው ይሳሳል፣ የማይጠፋ ሸንተረር ይወጣበታል፣ ቅባቱ ሲቋረጥም ሕመሙ ብሶ ይመለሳል። ከሁሉም በላይ ስቴሮይድ ራሱ በጀርባና በደረት ላይ ተመሳሳይ መጠን ያላቸው ጥቃቅን ብጉሮችን ያስነሣል። ወጣቱ አዲሶቹን ብጉሮች ሲያይ «አልጸዳሁም» ብሎ ወደ መፈግፈጊያው ይመለሳል። በዚህ መንገድ መፈግፈግ ጥቁረትን፣ ጥቁረት ቅባትን፣ ቅባት ብጉርን፣ ብጉር መፈግፈግን ይወልዳል።

ሌላም መሳሳት አለ። በጀርባ ላይ የሚወጣ ብጉር መሰል ሽፍታ ሁሉ ብጉር አይደለም። ማላሴዚያ የተባለው የፈንገስ ዓይነት የጸጉር ከረጢትን ሲያስቆጣ የሚያሳክኩና መጠናቸው የተመሳሰለ ጥቃቅን እብጠቶች ይወጣሉ። ይህ በፀረ ባክቴሪያ መድኃኒት ሊባባስ ይችላል፤ የሚያሽለው ፀረ ፈንገስ ነው። ሳይታይ «የብጉር» ተብሎ የሚሸጥ መድኃኒት ይህን ልዩነት ሊያውቅ አይችልም።

ውኃ በፈረቃ ሲመጣ

በውጭ አገር የሚጻፉት የጀርባ ብጉር ምክሮች ሳይንሳዊ መሠረታቸው ትክክል ቢሆንም አንድ ነገር ታሳቢ ያደርጋሉ፦ ቧንቧ በተከፈተ ቁጥር ውኃ መኖሩን። «ላብ እንዳላበህ ወዲያው ታጠብ» የሚለው ምክር ውኃ በፈረቃ ለሚደርሰው የጀሞ ነዋሪ ከምክርነት ይልቅ ምኞት ነው። በሳምንት ከተወሰኑ ቀናት በቀር ከሮቶና ከጀሪካን በጆግ እየቀዳ የሚታጠብ ሰው ውኃ ባገኘበት ቀን የሳምንቱን ድካም በአንዴ ለማራገፍ ገላውን አጥብቆ ቢፈገፍግ አያስገርምም። ልማዱ ካለማወቅ ብቻ የመጣ ሳይሆን ከኑሮ ሁኔታም ጋር የተሳሰረ ነው። ምክራችንም ከዚሁ ሁኔታ መነሣት ይኖርበታል።

በዚህ መነሻ ሊመከር የሚችለው ጥቂትና ቀላል ነገር ነው። ገላ መታጠብ ካልተቻለ ላብ የጠጣውን ልብስ ወዲያው መቀየርና ጀርባን በንጹሕ እርጥብ ጨርቅ ሳያሹ መጥረግ ብዙ ይረዳል። ሲታጠቡ ለብ ያለ ውኃ፣ ለስላሳ ሳሙናና እጅ በቂ ናቸው። ጸጉርን ቅቤ ወይም ቅባት የሚቀባ ሰው ቅባቱ ወደ ጀርባ እንዳይወርድ ጸጉሩን ከፍ አድርጎ ማሰር፣ ሲያጥበውም መጀመሪያ ጸጉሩን ከዚያም ጀርባውን ማጠብ ይገባዋል። ከጸጉር ቅባት የሚመጣ ብጉር በሕክምናው ዓለም የታወቀና የራሱ ስም ያለው ነው።

የሞተ ቆዳን ማንሣት አስፈላጊ በሚሆንበት ጊዜ ደግሞ ሥራው ለእጅ ጉልበት ሳይሆን ለኬሚስትሪ ቢተው ይመረጣል። እስከ 2 በመቶ የሚደርስ ሳሊሲሊክ አሲድ በወዝ ውስጥ ስለሚሟሟ ወደተደፈነው ከረጢት ይዘልቃል፤ የተጣበቁትን ሕዋሳትም ያላቅቃል። በሳምንት ሁለት ወይም ሦስት ጊዜ ጀምሮ የቆዳን ምላሽ እያዩ መቀጠል ይቻላል። ቤንዞይል ፐርኦክሳይድ ባክቴሪያውን ይገድላል፤ ለጀርባ ሲሆን ተቀብቶ ለጥቂት ደቂቃ ከቆየ በኋላ በደንብ መታጠብ አለበት። ጨርቅ ስለሚያነጣ ባለ ጥለት ነጠላና ቀለም ያለው አንሶላ እንዳይነካው መጠንቀቅ ያሻል። አዳፓሊን የተባለው ቅባት ደግሞ የከረጢቱ አፍ እንዳይደፈን ያደርጋል፤ ነፍሰ ጡር ሴት ግን አትጠቀመውም። ከእነዚህ የትኛውም ቢሆን በሳምንት አይመዘንም፤ ውጤቱን ለመናገር 12 ሳምንት ያህል መታገሥ ይጠይቃል። ብጉሩ ጠልቆ የሚያምና ጠባሳ የሚተው ከሆነ ግን ጉዳዩ የቆዳ ሐኪም ነው። በከባድ ብጉር ላይ የሚታዘዘው አይሶትሬቲኖይን ጽንስን ክፉኛ የሚጎዳ በመሆኑ ያለ ሐኪም ክትትል ፈጽሞ መወሰድ የለበትም።

ለተቃውሞው መልስ

ሁለት ተቃውሞዎች ሊነሡ ይችላሉ። የመጀመሪያው፣ «ሥጋ ደዌ፣ ቁንጭርና የዝሆኔ በሽታ ባሉበት አገር ስለ ጀርባ ብጉር መጻፍ ቅንጦት ነው» የሚል ነው። ቅድሚያ ለሚገባው ቅድሚያ መስጠት ተገቢ መሆኑን አልክድም። ነገር ግን እ.ኤ.አ. በ2010 በተሠራው የዓለም የበሽታ ጫና ግምት መሠረት ብጉር ከዓለም ሕዝብ 9.4 በመቶ ያህሉን የሚነካ፣ በስርጭቱም ከዓለም በሽታዎች ስምንተኛ የሆነ ችግር ነው። የጉዳዩ ክብደት ደግሞ ከብጉሩ ይልቅ ሰዉ ለብጉሩ ብሎ በሚገዛው ነገር ላይ ነው። ያለ ማዘዣ የተገዛ ኃይለኛ ስቴሮይድ የሚያደርሰው ጉዳት ቅንጦት ሊባል አይችልም።

ሁለተኛው፣ «እናቶቻችን ሲፈገፍጉን አድገናል፣ ምንም አልሆንም» የሚል ነው። ብጉር የሌለበት ጤነኛ ቆዳ መጠነኛ እሽትን ይችላል፤ ክርክሩ በእርሱ ላይ አይደለም። ክርክሩ የታመመን ቆዳ እንደ ቆሸሸ ዕቃ በመቁጠር ላይ ነው። ይህ አመለካከት የሚጎዳው ቆዳን ብቻ አይደለም። ንጽሕና ከጨዋነት ጋር በሚተሳሰርበት ኅብረተሰብ ውስጥ ብጉርን እድፍ ማለት ባለ ብጉሩን ቆሻሻ ማለት ነው። ያፈረ ሰው ደግሞ ይደብቃል፤ የተደበቀ ሕመም ለሐኪም አይታይም።

ከማን ምን ይጠበቃል?

በ2011 ዓ.ም. የወጣው የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112 መድኃኒትንም የመዋቢያ ምርቶችንም በአንድ ተቆጣጣሪ ሥር አድርጓል። ስለዚህ የሕግ ክፍተት አለ ብሎ ማለፍ አይቻልም፤ የሚቀረው በመደርደሪያው ላይ የሚታይ ሥራ ነው። በእኔ እምነት ትልቁ ዕድል ያለው በመድኃኒት ባለሙያው እጅ ነው። «ለጀርባ ብጉር» ብሎ ለመጣ ወጣት ሦስት ጥያቄ ማቅረብ ብዙ ደቂቃ አይፈጅም፦ ያሳክካል ወይ? ከዚህ በፊት ምን ተቀብተሃል? በምን ትፈገፍጋለህ? የእነዚህ መልስ ፈንገስን፣ ስቴሮይድንና ሰበቃን ለመጠርጠር በቂ ፍንጭ ይሰጣል።

ለዚህ መጽሔት አንባቢያን የሚቀርበው ጥሪ ግን ከዚህ የተለየ ነው። በዓለም ደረጃ እንኳ የብጉር መድኃኒት ሙከራዎች ለረጅም ጊዜ የሚለኩት በፊት ላይ ብቻ ነበር። ትራይፋሮቲን የተባለው ቅባት ፊትንም ጀርባንና ደረትንም ባካተተ ሰፊ ሙከራ ተፈትኖ በአሜሪካ የተፈቀደው እ.ኤ.አ. በ2019 ነው። እኛም የመመረቂያ ጽሑፍ ርእስ ስንመርጥ ፊት ላይ ባንቆም መልካም ነው። በክፍለ ከተማው የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የሚደረግ ጥናት በመጠይቅ ሳይወሰን በምርመራ ቢታገዝ፣ የቅባት አጠቃቀምን፣ የመፈግፈግ ልማድንና በሳምንት ውኃ የሚገኝበትን ቀን ብዛት አብሮ ቢመዘግብ፣ ከውጭ የተቀዳውን ምክር በአገር መረጃ ለማረም ያስችላል። የቆዳ ሕክምና፣ የፋርማሲ፣ የኅብረተሰብ ጤናና የሶሲዮሎጂ ተማሪዎች በአንድ ርእስ ላይ ሊገናኙ የሚችሉበትም ይኸው ነው።

መረጃው እስኪሰበሰብ ድረስ አንድ ምክር ያለ ወጪና ያለ ማዘዣ ዛሬውኑ ሊሠራበት ይችላል፤ ብጉር የወጣበትን ጀርባ አለመፈግፈግ።